በእኔ ፋንታ ያለቀሰችው

እናቴ ከሞተች በኋላ ከሁለት ወር በላይ፣ እናት እንዳላት ሰው እየሳቅሁ፣ እየተቆጣሁ፣ እየበላሁ ኖርሁ። ባለቤቴ ያውቃል፣ ጎረቤት ያውቃል፣ የሱቃችን ደንበኞች ሳይቀሩ ያውቃሉ፤ እኔ ብቻ አላውቅም። ከሁሉም በላይ የምታውቀው ደግሞ ከጠዋት እስከ ማታ አጠገቤ ተቀምጣ የምትጠልፈው ጓደኛዬ ነበረች። ይህን የምጽፈው ስለ እሷ ነው። ያን ሁሉ ቀን ያንን ነገር በሆዷ ይዛ እንዴት እንደኖረች ባሰብሁ ቁጥር ይገርመኛል። እኔ ብሆን ሳላድር እዘረግፈው ነበር።

ጎንደር፣ አራዳ ውስጥ ሁለታችን የያዝናት ጠባብ ሱቅ አለች። የባህል ልብስ እንሰፋለን፤ እኔ በስፌት መኪና፣ እሷ በእጇ ጥልፍ። እሷ የካህን ልጅ ናት። አባቷ መሪጌታ ናቸው፤ ያደገችው ከቤተ ክርስቲያን አጥር ሥር፣ ዜማ እየሰማች ነው። እናቷ ገና በልጅነቷ ስለሞቱባት ሦስት ታናናሽ ወንድሞቿን አብስላ እያበላች፣ አጥባ እያለበሰች ያሳደገች እሷ ናት። ቀስ ብላ ነው የምትናገር፤ አንድ ነገር ጠይቀሃት መልሱ እስኪመጣ እጅጌ ሰፍተህ ትጨርሳለህ። እኔ ደግሞ የታች አርማጭሆ ገበሬ ልጅ ነኝ፣ ከሳንጃ ወዲያ። ቶሎ ነው የምናደደው፤ የተናደድሁበትንም ተናግሬ ካልጨረስሁ እህል አይወርድልኝም። ምን አገናኛችሁ የሚለን ብዙ ነው።

ያገናኘን ንዴቴ ነው። ስፌት ልማር ጎንደር በገባሁ በሦስተኛው ወር ካከራየችኝ ሴትዮ ጋር በውኃ ተጣላሁ። አንድ ባልዲ ውኃ! ሴትዮዋ ዕቃዬን አውጥታ ደጅ ወረወረችው። እኔም በወረወረችው ጆንያ ላይ ተቀምጬ እየተሳደብሁ ሳለ ይቺ አብራኝ የምትማር፣ እስከዚያ ቀን ከሰላምታ በቀር ሁለት ቃል ተነጋግረን የማናውቅ ልጅ መጣች። ምን ሆንሽ አላለችኝም። የጆንያውን አንድ ጫፍ ያዘችና «በዚያ በኩል አንሺው» አለችኝ። ይኸው ነው። ከዚያ በኋላ እስካገባ ድረስ አራት ዓመት አንድ ክፍል ውስጥ፣ አንድ ፍራሽ ላይ ኖርን። በሁለት ዓመት ትበልጠኛለች፤ በጠባይ ከሆነ ግን ሃያ ዓመት ትበልጠኛለች ብል ማጋነን አይደለም።

አንድ ነገር አስቀድሜ ልናገር፤ ይቺ ሴት ዋሽታ አታውቅም። ለጨዋታ እንኳ አትዋሽም። ደንበኛ አዲስ ቀሚስ ለብሳ መስተዋት ፊት ቆማ «ያምርብኛል?» ስትል እኔ «ውይ! ሙሽራ መስለሻል!» እላለሁ። እሷ ግን ትክ ብላ አይታ፣ ጊዜ ወስዳ፣ «ቀለሙ ፊትዎን አጠቆረው፤ ያኛውን ይሞክሩት» ትላለች። ደንበኛዋ ትወጣለች፤ እኔ እጮኻለሁ፤ እሷ መርፌዋ ውስጥ ክር ታስገባለች። «ነይ እስቲ፣ ምን ነበረበት ዝም ብትዪ?» ስላት «ጠየቀችኝ እኮ» ትላለች። ጠየቀችኝ እኮ! እንዲህ ያለ ሰው ሁለት ወር ሙሉ እንዲዋሽ የሚያስገድደው ነገር ሲመጣበት ምን ያህል እንደሚያስጨንቀው አስቡት።

እናቴን ታውቃት ነበር፤ ከማወቅም አልፎ ትወዳት ነበር። እናቴ ዓይኗን ልትታከም ጎንደር የመጣች ጊዜ እኔ የሠርግ ልብስ አስቸኩለውኝ መነሣት አልቻልሁም። ሁለት ሳምንት ሙሉ ክንዷን ይዛ ክሊኒክ ያመላለሰቻት፣ ጠብታውን በሰዓቱ የጨመረችላት እሷ ናት። እናቴ ከተማ አትወድም፤ ባጃጅ ባለፈ ቁጥር ግድግዳ ላይ ትለጠፍ ነበር። እሷም እየሳቀች በመንገዱ በኩል እየሆነች ትሸፍናታለች። እናቴ ወደ አገሯ ስትመለስ «ሸጋ ልጅ ወልጄ ኑሬያለሁ፣ አላወቅሁም» ብላ መረቀቻት። ከዚያ ወዲያ ከገጠር ቅቤ ሲመጣ በሁለት ዕቃ ነው የሚመጣ፤ አንዱ ለእኔ፣ አንዱ ለእሷ። አንዳንዴም የእሷ ይበልጣል፤ አኩርፌ አውቃለሁ።

ወደ ነገሬ ልግባ። ካገባሁ በኋላ ሁለት ጊዜ ፀነስሁ፤ ሁለቱም ወረዱ። ሁለተኛው በአምስት ወሩ ነው፤ ስለ እሱ ዛሬም ብዙ ማውራት አልችልም። ሦስተኛው ሰባት ወር ሲሞላው ሐኪሙ ባለቤቴንና ጓደኛዬን አስቀምጦ፣ ከባድ ነገር እንዳታነሣ፣ መንገድ እንዳትሄድ፣ ድንጋጤ እንዳይነካት፣ የደም ግፊቷ ከፍ ብሏል ብሎ አስጠነቀቃቸው። እኔ ግን ልቤ ያለው እናቴ ቤት ነበር። በእኛ አገር የመጀመሪያ ልጅ የሚወለደው እናት ቤት ነው። እናቴም ማሯን አስቀምጣ፣ የአጥሚት እህሏን ለቅማ፣ ስምንተኛው ወር ሲገባ ነይ ብላ ልካብኝ ነበር። ሁለት ጊዜ የከሸፈብኝ ነገር እሷ እጅ ላይ እንደማይከሽፍ በልቤ ቆርጬ ነበር።

እናቴ የሞተችው በዚያው ሰሞን ነው። ሦስት ቀን አሟት፣ በአራተኛው ዐረፈች። መንደራችን ኔትወርክ ከጠፋ ቆይቷል፤ ወንድሜ ሳንጃ ድረስ በእግሩ መጥቶ ደወለ። ለእኔ ግን አልደወለም፤ ለእሷ ደወለ። እኔ ያን ሰዓት ክሊኒክ ነበርሁ። ስመለስ የጠለፈችውን ስትተረትር አገኘኋት። በሕይወቴ ጥልፍ ስትተረትር አይቻት አላውቅም። «ምነው? ምን ነካሽ?» አልኋት። «ዓይኔ ደከመ» አለችኝ። የመጀመሪያዋ ውሸቷ ይህች ነበረች። እኔም ምንም ሳልጠረጥር ሐኪሙ ስለ እግሬ እብጠት ያለኝን አንድ ሰዓት ሙሉ አወራሁላት።

ባለቤቴ መምህር ነው፤ ደግ ሰው ነው፣ ነገር ግን ፊቱ እንደ ጥቁር ሰሌዳ ነው፣ የተጻፈበት ሁሉ ይነበባል። እሱ፣ ጓደኛዬና ወንድሜ በስልክ ሲመክሩ፣ እስክትወልድ ይደበቃት ተባለ። እሱ «እኔ ፊቷን እያየሁ አልችልም» አለ። እሷም «እኔ እይዘዋለሁ» አለች። ይህን የነገረኝ እሱ ነው፣ በኋላ። ከዚያን ቀን ጀምሮ እሱ የማጠናከሪያ ትምህርት እሰጣለሁ እያለ ሲመሽ መግባት ጀመረ። አንድ ቀን ከሱቁ ጀርባ ሲንሾካሾኩ አገኘኋቸውና ሁለቱም ዝም አሉ። ሰይጣን አይጠፋምና፣ ያልሆነ ነገር ሁሉ አሰብሁ! ሁለቱን አንድ ላይ ጠረጠርኋቸው። ይህን ስጽፍ አሁንም ፊቴ ይቀላል፤ ግን የሆነው ይኸው ነው።

ጥልፉን በተረተረች ማግስት «ፀበል ልሄድ ነው፣ አራት ቀን እቆያለሁ» አለችኝ። አበድሁ። በእኔ ሰዓት! ሆዴ እስከ አገጬ ደርሶ! «ፀበሉ ይሸሻል ወይ? ስወልድ አትሄጂም?» አልኋት። ነጠላዋን አጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። የሄደችው እናቴን ልትቀብር፣ ቀብሩ ካለፈም ልታለቅስላት ነበር። ፀበል ማለቷ ውሸት ሆኖ እንዳይቀርባት ደግሞ፣ መንገድ ላይ ካገኘችው ፀበል ከነልብሷ ገብታ ተጠምቃ ነው ያለፈችው። ይህን ስሰማ፣ ሐዘን ላይ ተቀምጬም ቢሆን፣ ሳቄ አመለጠኝ። የመሪጌታ ልጅ!

በአምስተኛው ቀን ሻሽ ጠምጥማ መጣች። ፀጉሯ ጎንደር ያወቀው ነበር፤ ሹሩባ ስትሠራ ጫፉ ወገቧ ላይ ይደርሳል። ሻሿን ሳብ ባደርገው ምንም የለም፣ ተላጭታለች። ጮኽሁ። «ምን አደረግሽ?» አልኋት። «በሞቴ፣ አትጠይቂኝ» አለችኝ። እኔም ወዲያው ገባኝ፤ ማለቴ የገባኝ መሰለኝ። ስለት ነው! ፅንሴ እንዲጸና ፀጉሯን ተስላልኝ፣ ስለት ደግሞ አይወራም፣ ለዚህ ነው አትጠይቂኝ የምትለኝ። እንባዬ መጣ፤ አቅፌ ሳምኋት። ከዚያማ ማን ይቻለኝ! ለደንበኛው፣ ለጎረቤት ሱቅ፣ ፒያሳ ባንክ ቤት ለተሰለፈው ሁሉ «ይቺ ጓደኛዬ እኮ ለልጄ ብላ ፀጉሯን ሰጠች» እያልሁ ነዛሁት። ሰዎቹ ያውቃሉ። አንዳቸውም አላረሙኝም፤ «ተባረኪ» እያሉ መሬት መሬት ያያሉ። እሷም እዚያው ቆማ ትሰማለች።

ሌላም አለ። ከቤቷ ስትወጣ ነጠላዋን እንደ ሐዘንተኛ አዘቅዝቃ፣ ጥለቱን ወደ ላይ አድርጋ ነው የምትለብሰው። ሱቁ ጥግ ስትደርስ ትገለብጠዋለች፣ እኔ እንዳላይ። አንድ ጠዋት ቸኩላ ነው መሰል ሳትገለብጥ ገባች። እኔ ደግሞ የልብስ ሰው ነኝ፣ ጥለት አያመልጠኝም። «አንቺ! ማን ሞቶብሽ ነው እንዲህ የለበስሽው?» ብዬ ሳቅሁባት። ተነሣሁና በገዛ እጄ ከትከሻዋ አውርጄ፣ አራግፌ፣ ጥለቱን ወደ ታች አድርጌ አለበስኋት። እንደ ሕፃን ዝም ብላ ቆመችልኝ። ከዚያ ክር አለቀብኝ ብላ ወጣች፤ ክሩ ግን መሳቢያው ሙሉ ነበር። ስትመለስ ፊቷን ታጥባ ነበር። እኔም ክሩን ከረሳች ዓይኗ በእውነት ደክሟል፣ ሐኪም ጋ እወስዳታለሁ ብዬ አሰብሁ።

ስምንተኛው ወር ሲገባ እናቴ ቤት እሄዳለሁ አልሁ። መንገድ ተዘግቷል አሉኝ። ይከፈታል አልሁ። ሐኪሙ ከልክሏል አሉኝ። ሐኪሙ እናቴን አያውቃትም አልሁ። አንድ ጠዋት ባለቤቴ ትምህርት ቤት እንደሄደ ቦርሳዬን አንጠልጥዬ መናኸሪያ ወረድሁ። የሳንጃ አውቶቡስ ቆሞ ይጭናል፤ ገብቼ መስኮት ያዝሁ። ለካ አንድ ጎረቤት አይታኝ ኖሮ ደውላላታለች። አውቶቡሱ ሊሞላ ሲል ባጃጅ መጥታ ፍሬን ያዘች፣ ከውስጧ እሷ ወረደች። ሻሿ ተፈትቶ፣ መርፌው ደረቷ ላይ እንደተሰካ፣ ገብታ አጠገቤ ቆመች። «ውረጂ እቴ» አለችኝ።

አልወርድም አልሁ። ደግማ ውረጂ አለችኝ። የዚያን ጊዜ የተናገርሁትን ባልተናገርሁ ምን ነበረበት! ሰው በተሞላ አውቶቡስ ውስጥ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ «አንቺ እናት ስለሌለሽ እናት ቤት መሄድ ምን እንደሆነ አታውቂም። እናት የሞተችብሽ አንቺ ነሽ፤ የእኔ እናት አለች፣ እየጠበቀችኝ ነው!» አልኋት። ተሳፋሪው ሁሉ ዞሮ አየን። ፊቷን አሁንም አየዋለሁ። አልተቆጣችም። ከንፈሯን ነከሰችና «ልክ ነሽ» አለችኝ። «ልክ ነሽ፤ ውረጂ ግን።» በአንዲት ቃል ልታወርደኝ ትችል ነበር እኮ። እውነቱን ብትነግረኝ ንዴቴም፣ ጩኸቴም፣ ስድቤም እዚያው ያበቃ ነበር። ያቺን ቃል ግን አልተነፈሰችም።

ይልቅ ዞረችና ለተሳፋሪው ተናገረች። ያቺ ሰው ፊት ቃል የማይወጣት ሴት! «ወገኖቼ፣ ይቺ እህቴ ናት። ሁለት ፅንስ ወርዶባታል። ሐኪም መንገድ ከልክሏታል። እባካችሁ እርዱኝ» አለች። ከዚያ በኋላ የሆነው ሳቅም ለቅሶም ነው። ፊት የተቀመጡ አንድ አዛውንት ዘንጋቸውን ይዘው ተነሡ፣ «ውረጂ እንጂ ልጄ፣ ምነው?» አሉ። ከኋላ አንዲት ዶሮ የያዘች ሴት ተቆጣችኝ። ሾፌሩ ሞተሩን አጠፋና «እሷ ካልወረደች አልነዳም» አለ። ያ ሁሉ ሰው፣ ስሜን እንኳ የማያውቅ፣ ለማኅፀኔ ተቆርቁሮ አወረደኝ። ባጃጅ ውስጥ ገብተን አራዳ እስክንደርስ አላናገርኋትም። ቦርሳዬን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ በሌላው እጇ ጉድጓድ በመጣ ቁጥር ወገቤን ትደግፈኝ ነበር።

አንድ ሳምንት አኮረፍኋት። በየቀኑ አጥሚት ይዛ ትመጣለች፤ በኩርፊያ እጠጣዋለሁ። ለውሸቷ የነፍስ አባቷ ዘንድ ሄዳ አስቀድማ ንስሐ እንደተቀበለች በኋላ ሰማሁ። እሳቸው ነፍስ ለማዳን ነውና ግድ የለም ቢሏትም እሷ እንቢ ብላ በቀን አርባ ስግደት አስወስናለች። በዚያ ላይ ለእኔ አጥሚት ትሠራለች፣ የሁለታችንንም ሥራ ትሠራለች፣ ስድቤን ትሰማለች። ለእንዲህ ያለ ሰው እግዜር እንዴት ያለ ሆድ ነው የሰጠው?

ሴት ልጅ ወለድሁ። በሰላም፣ በቀኗ፣ ድምፅዋ ግቢውን የሚያናጋ ልጅ። ምጥ ላይ ሳለሁ እጇን ይዤ ጥፍሬን ተክዬባት ነበር፤ ጠባሳው አሁንም አለ። ጎረቤቶች ሦስት ጊዜ እልል ሲሉ እሷ እልልታውን ጀምራ መጨረስ አልቻለችም፤ አንገቴ ሥር ተደፍታ አለቀሰች፣ አለቀሰች። የደስታ መስሎኝ «በቃሽ፣ ልጄን አታስደንግጪብኝ» አልኋት።

ከዚያ ቀኖቹ ነጎዱ። እናቴ አትመጣም። ገንፎ ተገነፋ፣ እናቴ የለችም። ወንድሜ መጥቶ ስሞኝ ሄደ፤ እናቴ እግሯን አሟታል አለኝ፣ ዓይኔን ሳያይ። እውነቱን ልናገር፤ ከዚያ በኋላ መጠየቅ ተውሁ። የመጀመሪያ ልጇ አራስ ሆና የማትመጣ እናት እንደሌለች አላጣሁትም። ግን ካልጠየቅሁ አለች ማለት ነው፤ እንደዚያ ነበር የማስበው። ጓደኛዬም ይህን አየችብኝ መሰል፣ ለባለቤቴ «አሁን ማወቅ ጀምራለች፤ ብቻዋን እንድትደርስበት አልፈቅድም» አለችው። ሌሎቹ እስከ ክርስትናው ይቆይ ቢሉም እሷ አልሰማቻቸውም።

መርዶ የሚነገረው ማለዳ ነው። የዚያን ለት እሷ እኛ ቤት አድራ ነበር። ጎሕ ሲቀድ ቀሰቀሰችኝና ልጄን አጥቢያት አለችኝ። አጠባሁ። «ጠገበች?» አለችኝ። ጠገበች አልሁ። «ሌላኛውንም ስጫት» አለች። ሰጠኋት። ከዚያ ለእኔ ገንፎ አቀረበች፣ ሳህኑ እስኪያልቅ ከፊቴ አልተነሣችም። ልጄን ከእጄ ተቀበለች፣ አቀፈቻት፣ ደጅ ወጥታ ለአንዲት ጎረቤት ሰጠቻት። ስትመለስ ብቻዋን አልነበረችም። ወንድሜ አለ፣ አክስቴ አለች፣ የነፍስ አባታችን አሉ፣ የሰፈሩ ሴቶች አሉ፤ ነጠላው ሁሉ ተዘቅዝቋል። ማንም ቃል ሳይናገር ጮኽሁ።

ጩኸቴን ልግለጸው አልችልም። ከወንድሜ አፍ እናታችን የሞተችበትን ቀን ስሰማ ግን ለቅሶዬ ወደ ቁጣ ዞረ። ቆጠርሁ። ያ ቀን የጥልፉ ቀን ነው! ሁሉንም ታውቅ ነበር! ተነሥቼ ደረቷን መታሁት፤ በሁለት እጄ መታኋት። «እናቴን ቀበርሽብኝ! አፈር እንኳ ሳላለብሳት! ውጪልኝ፣ ዓይንሽን አልይ!» አልኋት። እጇን አላነሣችም። ሴቶቹ ያዙኝ። እሷ አልወጣችም፤ ከበሩ አጠገብ፣ ጫማ ከሚወልቅበት ቦታ፣ መሬት ላይ ተቀመጠች።

አክስቴ፣ የእናቴ ታናሽ፣ ከገጠር በሌሊት ተነሥታ የመጣች ናት። ክንዴን ጨምድዳ ያዘችኝ። «ምነው? ምን አድርጋሽ ነው የምትገፊያት?» አለችኝ። «ይቺ ልጅ ሰሊጥ በጫነ ማኪና ላይ ተጭና፣ ከሳንጃ ወዲያ ያለውን በእግሯ መጥታ ነው የደረሰች። አልቃሿ ‹ሴት ልጇስ የት አለች› ብላ ስትጣራ ከእኛ ማንም አልተነሣ። ይቺ ተነሥታ መሐል ገባች። ‹ልጇ ከባድ ናት፣ ሆዷ ገፍቷል፣ መምጣት አልቻለችም፤ በእሷ ፋንታ እኔ አለሁ› አለች። ፀጉሯን ፈታ ለምላጭ ራሷን ሰጠች። እኛ ተይ ብለናታል፣ አልሰማችንም። ሦስት ቀን ከሐዘንተኛው ቦታ አልተነሣችም። እህቴ ያለ ሴት ልጅ አልተለቀሰችም፤ ይህን እወቂው።»

ፍራሹ ላይ ቁጭ አልሁ። አራዳ ሙሉ እየዞርሁ የደሰኮርሁለት ፀጉር! ሰው ሁሉ መሬት መሬት ያየው ለዚህ ነው። በመናኸሪያው ያልኋትም መጣብኝ፣ እናት የሞተችብሽ አንቺ ነሽ ያልኋት። እናቴን ካለቀሰች ወር እንኳ ሳይሞላት ነው ያን ያልኋት። እሷም በልጅነቷ አንዴ የሞተችባት እናት ደግማ ሞታባት፣ እዚህ ከተማ ውስጥ ግን ማንም እግዜር ያጽናሽ አላላት። ልጠራት ፈለግሁ፤ ነዪ እዚህ ተቀመጪ ልላት ፈለግሁ። ግን አፈርሁ። በሕይወቴ ንግግር ያጣሁት ያን ጊዜ ነው። እሷ ደግሞ ተነሥታ ለሚመጣው ለቀስተኛ ውኃ ታቀርብ፣ ቦታ ታመቻች ጀመር፤ የሰው ሐዘን ላይ እንደሚያግዝ ሰው፣ ዓይኗን ከእኔ እየሸሸገች።

ረፋድ ላይ ከወንድሜ ጋር በአንድ መኪና የመጡ አንድ ሽማግሌ ገቡ። እኔ ከወጣሁ በኋላ መንደራችን የሰፈሩ፣ የእናቴ የአጥር ጎረቤት ናቸው፤ አይቻቸው አላውቅም፣ እሳቸውም አያውቁኝም። ባርኔጣቸውን አውልቀው ቤቱን ቃኙ። ዓይናቸው ያረፈው እኔ ላይ አይደለም። ውኃ ይዛ የቆመችውን አይተው ወደ እሷ ሄዱ።

«ልጄ፣ እንዴት ከረምሽልኝ?» አሏት። «ያን ለት ፀጉርሽ ሲወርድ አይቼ አንጀቴ ነው የተላወሰ። እናትሽ ሸጋ ሰው ነበረች። ያጽናሽ።»

እሷ ደነገጠች። ጆጉን እንደያዘች ወደ እኔ ዞራ አየችኝ። እሳቸውም ዓይኗን ተከትለው፣ ፍራሹ ላይ የተቀመጥሁትን እኔን አዩ።

«ይችስ ማናት?» አሉ።

«አያ፣ እኔ እኮ አይደለሁም፣ የሟች ልጅ...» ብላ ጀመረች።

አላስጨረስኋትም። «እህቷ ነኝ፣ አያ» አልኋቸው። «ታናሿ።»

ሽማግሌው አንገታቸውን ነቀነቁ። «እንግዲያው ሁለታችሁንም ያጽናችሁ» ብለው ተቀመጡ። እሷም ጆጉን አስቀምጣ መጣችና ከጎኔ ተቀመጠች፤ የዚያን ጊዜ ነው ጮክ ብላ ያለቀሰችው።